ኸይርነሽ የተባልሽ ዕለት

መካነ ሰላም
ጥቅምት 18 ቀን 2018 ዓ.ም.

ይድረስ ለኸይርነሽ ሞላ
ቤይሩት

ዓለሜ ኸይርነሽ፣ እንደምን ከረምሽ? አፊያ ነሽ ወይ? ያ ጉንፋን ለቀቀሽ ወይስ አሁንም ከአንቺው ጋር ነው? እኛ ሁላችንም ደህና ነን። እናትሽም ደህና ናት። ጉልበቷ ብቻ ብርድ በመጣ ቁጥር ያስቸግራታል። እሱም ቢሆን ወፍጮ ቤት ስትሄድ እንጂ ገበያ ስትሄድ አያማትም። ጤፉ ዘንድሮ ደህና ይመስላል፤ ባቄላውን ግን ውርጭ መታው። መንገዱ አንዳንድ ሳምንት ይዘጋል፣ አንዳንድ ሳምንት ይከፈታል። ሲከፈት ከደሴ ክርና ዚፕ ይመጣልኛል፤ ሲዘጋ የሰው ሱሪ ያለ ዚፕ ሱቄ ውስጥ ተሰቅሎ ይከርምና ባለቤቱ እኔን ይሰድበኛል። መንገዱን የዘጋሁት እኔ ይመስል!

ደብዳቤ ሲደርስሽ ማን ሞተ ብለሽ እንዳትደነግጪ። የሞተ የለም። ስልክ እያለ ደብዳቤ ምን አመጣው ትይኝ ይሆናል። ስልኩማ ሲፈልግ ይሠራል፣ ሲፈልግ ይጠፋል። የሠራ ዕለት ደግሞ ቤታችን ገበያ ይሆናል። እናትሽ ድምፁ ካልተከፈተ ብላ ትከራከራለች፣ ጎረቤቱ «ኸይርነሽ ናት እንዴ?» እያለ ይገባል፣ አንቺ ታለቅሻለሽ፣ እኔ «በይ ካርዱ እንዳያልቅ» ብዬ እዘጋለሁ። የደወልሽው አንቺ፣ የሚያልቀው ካርድ የኔ! እና እዚያው ቤይሩት የምትሠራው አሚራ ለወንድሟ ሰርግ መጥታ ሰንብታ ነገ ወደ አዲስ አበባ ልትሄድ ነው፤ ከዚያ ወደናንተው ናት። ይህን ደብዳቤ በእጅሽ ካልሆነ ለማንም እንዳትሰጥ አስምያታለሁ። እስላም ስለሆነች በማርያም አላስማልኋትም፣ በእናቷ ነው።

አሁን ወደ ነገሬ ልምጣ። ባለፈው ስትደውይ «አባዬ፣ ይሄን ስም ከየት አምጥታችሁት ነው?» አልሽኝ። ወረቀት ልታወጪ ቆንስላ ሄደሽ፣ የሚጽፈው ሰው በሃሌታው ሀ ልጻፈው፣ በሐመሩ ሐ ልጻፈው እያለ ሲጨነቅ እንደዋለ፣ ደላላው ፓስፖርትሽ ላይ ያስጻፈው ደግሞ ሌላ ሆኖ እንደተገኘ ነገርሽኝ። ማዳምሽም «ግማሹ ስምሽ የኛ ነው፣ ግማሹስ የማን ነው?» እያለች እንደምትስቅ ነገርሽኝ። እኔም ሳቅሁ። የምን ወረቀት ልታወጪ እንደሄድሽ ግን አልነገርሽኝም። ቀጠልሽና «እኔስ ለልጄ እንዲህ ያለ ስም አላወጣላትም» አልሽ። ይህን እንዳልሽ ከወዲያ ሕፃን አለቀሰ።

«የማን ልጅ ነው?» አልሁሽ።

«የማዳም ነው» አልሽኝ፣ ጥድፍ ብለሽ።

እሺ አልሁ። ደህና ዋሉ ደህና ዋይ ተባባልን። ስልኩን የዘጋሽው መስሎሽ ነበር፤ አልዘጋሽውም። «አይዞሽ፣ አይዞሽ፣ መጣሁ እናትሽ» ስትያት ሰማሁ።

ኸይርነሽ፣ የማዳም ልጅ እንዲህ አትባልም። ልጅቱ ያንቺው ናት። ይኸው ተናገርሁት። አሁን ቁጭ በይና ቀሪውን አንብቢ፤ እንባሽን ጥረጊው፣ ገና ብዙ አለ፣ ፊደሌም ቢሆን እንባ ለሌለው ዓይን እንኳን ለማንበብ ያስቸግራል።

ሁለት ዓመት ሙሉ ነይ ስንልሽ «ምን ይዤ ልምጣ?» ትዪን ነበር። እኔ ሞኙ ገንዘብ ማለትሽ መስሎኝ «ባዶ እጅሽን ነይ፣ እኛ ያንቺን እጅ አናይም» እል ነበር። ይዘሽ መምጣት የፈራሽው እሷን መሆኑ አሁን ነው የገባኝ። እኔ ከዚህ ዓለም የቀረኝ ፍላጎት አንድ ነው፣ ሁለታችሁም እቤታችሁ እንድትገቡ። ሌላ አልፈልግም። የስምሽን ነገር በሙሉ ብታውቂ ደግሞ የምትመጪ ይመስለኛል። በሙሉ ነግረንሽ አናውቅም፣ እናትሽ የሞቱት ሲነሱባት አትወድም። ሲደርስባት ምን እንደምትሆን ታውቂያለሽ፣ ሦስት ቀን ቤቱን ትጠርጋለች። አሁን ግን ጠይቀሻል።

ከአንቺ በፊት ሁለት ወንዶች ወልደን ቀብረናል። ለሁለቱም ስም ያወጣሁላቸው እኔ ነበርሁ፤ አንዱን ምንይችል፣ አንዱን እንዳልካቸው አልኋቸው። ጎረምሳ ነበርሁ፣ ትልልቅ ስም ደስ ይለኝ ነበር። ምንይችል አንድ ክረምት እንኳ አልጨረሰም። እንዳልካቸው መዳህ ጀምሮ ነበር፤ ከስፌት መኪናዬ ሥር እየገባ መርገጫውን ይይዝብኝ ነበር። እሱ ሲሞት እናትሽ መናገር አቆመች። ቤት ውስጥ ሁለት ሰው እያለን የሚሰማው የመኪናዬ ድምፅ ብቻ ሆነ።

አንቺ ስትፀነሺ ደስታ አልነበረም፣ ፍርሃት ነበር። ልብስ ሰፊ ሆኜ ለገዛ ልጄ አንዲት ጨርቅ አልሰፋሁም። ከሰፋሁ ሞት ያውቅብኛል ብዬ። አሁን ሳስበው ያስቀኛል፣ ያኔ ግን እውነቴን ነው። አዋላጇ እማማ በዛች ነበሩ፤ ነፍሳቸውን ይማርና ቁጣቸው ለብቻው አገር ያስተዳድር ነበር። ሐምሌ ነው፣ ዝናቡ ቤቱን ሊያፈርሰው ነው። አንቺ ዱብ ስትዪ እማማ በዛች እጃቸውን ወደኛ ዘርግተው «እልል የሚል ሰው አንገቱን ነው የማንቀው!» አሉ። ለሴት ሦስት እልልታ ይባል የለ? ላንቺ አንድም አልተባለም።

«ስሙ» አሉን፣ «በዚህ በር ሁለት ልጅ ወጥቷል። ይቺ በዚህ በር አትወጣም። እናንተም አልወለዳችኋትም። ልጅ የሚበረክትለት ጎረቤት ማን አላችሁ?»

መጠየቅም አያስፈልግ። ከአጥሩ ወዲያ የነእትዬ ሱሀይላ ግቢ ነበር፣ ልጅ እንደ ጫጩት ይርመሰመስበታል። ያኔ አጥራችን የእሾህ ነበር። እኔ በካልቾ እየመታሁ ቀዳዳ ከፈትሁበት፣ እግሬ ሁሉ ደማ። እማማ በዛች አንቺን በእናትሽ ነጠላ ጠቅልለው በዚያ ቀዳዳ አሾለኩሽ። ከወዲያ እትዬ ሱሀይላ ዝናብ እየወረደባቸው ተንበርክከው ተቀበሉሽ። እንዲህ ነው ሥርዓቱ። ልጅ ያልበረከተለት ሰው ልጁን በአጥር ያሳልፋል፣ ተቀባዩ ያገኘው ልጅ ይሆናል፣ ስምም የሚያወጣው እሱ ነው። ሞት የሚፈልገው የሞላን ልጅ ነው፣ የሞላ ልጅ ደግሞ የለችም።

እኔ ከዚህ ወገን ሆኜ መጠየቅ አለብኝ። «እትዬ ሱሀይላ፣ ምን አገኙ?» አልሁ። እሳቸው «ልጅ አገኘሁ» ማለት ነበረባቸው። አላሉም። ዝም አሉ። አንቺም ዝም ብለሻል። በቃ፣ ሞታለች አልሁ።

«ኧረ በማርያም ይናገሩ!» ብዬ ጮኽሁ።

«ኸይር ነው ሞላ፣ ኸይር ነው፣ አብሽር» አሉኝ። እኛ አገር ሰው ክፉ ሕልም አይቶ ሲነግረን እስላሙም ክርስቲያኑም «ኸይር ነው» እንል የለ? እንደዚያ ነው ያሉኝ። ከዚያ ድምፃቸው ዝቅ አለ፣ ከኔ ጋር መነጋገሩን ትተው ካንቺ ጋር ሆኑ። «ኸይር ነሽ» ሲሉሽ ሰማሁ። «ኸይር ነሽ አንቺስ። ዓይንሽን ገልጠሽ ታይኛለሽ? ኸይር ነሽ ወላሂ።» ለካ ዝም ያሉት ዓይንሽን ስትገልጪ አይተው ፈዝዘው ነው።

«በቃ፣ ስሟ ወጣ!» አሉ እማማ በዛች። ስምሽ ይኸው ነው፣ ኸይርነሽ። መልካም ነሽ፣ ደግ ነሽ ማለት ነው። ግማሹ ዓረብኛ፣ የነማዳምሽ ነው፣ ግማሹ የኛ ነው፣ ሁለቱንም በአንድ ትንፋሽ የተናገሩት ግን እትዬ ሱሀይላ ናቸው። ለማዳምሽ እንዲህ ብለሽ ንገሪልኝ።

«የማን ናት?» ብዬ ጨረስሁ፣ ሥርዓት ነዋ።

«የኔ ናት!» አሉኝ፣ ልነጥቃቸው የመጣሁ ይመስል በቁጣ።

ከዚያ ቆየት ብለው በበራችን ዞረው ገቡ። አንቺን በአንድ ክንዳቸው ይዘው፣ በሌላው የገብስ ዱቄት በቁና ይዘው። ዱቄቱን እናትሽ ፊት አስቀመጡና «የትምወርቅ፣ እባክሽ ይቺን ልጄን አጥቢልኝ። ደመወዝሽ ይኸው» አሏት። እንዳልካቸው ከሞተ ወዲህ ያልሳቀች ሴት ሳቀች። ሳቀች፣ አለቀሰች፣ አንቺን ወደ ጡቷ አስጠጋች። እናትሽ አንቺን ተቀጥራ ነው ያሳደገችሽ። ደመወዜ ከዚያ ወዲህ አልተጨመረም እያለች እስከ ዛሬ ከእትዬ ሱሀይላ ጋር ትጨቃጨቃለች።

ሰማንያ ቀንሽ ደርሶ ክርስትና ስትነሺ እትዬ ሱሀይላ ከቤተክርስቲያኑ ቅጥር ውጭ ቆመው ጠበቁን። «ልጄን በውሃ ጨረሳችኋት!» አሉን፣ ገና ከሩቅ ሲያዩን። የወተት ጥርስሽ እስኪወልቅ ድረስ ልጄ ብለን አንጠራሽም ነበር። «የሱሀይላ ልጅ፣ ነይ ብዪ» ስልሽ ትዝ ይልሻል? ቀልድ ይመስልሽ ነበር። ቀልድ አልነበረም።

አሁን ደግሞ አንድ ቀን የሆነውን ልንገርሽ፣ ዋናው እሱ ነው። ዓመትም አልሞላሽ፣ ሳንባሽን ያዘሽና ትንፋሽ አጠረሽ። እናትሽ ገበያ ናት። ታቅፌሽ እየሮጥሁ ጤና ጣቢያ ደረስሁ። ነርሷ ደህና ልጅ ናት፣ ቶሎ ተቀበለችኝ።

«የማን ልጅ ናት?» አለችኝ።

«የሱሀይላ» አልሁ።

«አንተስ?»

«ጎረቤት ነኝ።»

አየችኝ። ፊቴ አመድ መስሏል፣ እንባዬ ይወርዳል፣ ጎረቤት ነኝ እላለሁ። «እንግዲያው ቶሎ ብለህ ወላጅ አምጣልኝ፣ ይሄን መርፌ ያለ ወላጅ ፈቃድ አልወጋም» አለችኝ። እውነቷን ነው። «የኔ ናት» ልላት አፌን ከፈትሁ፣ አልወጣልኝም። ኸይርነሽ፣ ምላሴ እንቢ አለኝ። ያን ቃል በተናገርሁ ሰዓት እቅፌ ውስጥ የምትሞቺ መሰለኝ። ባልናገርም ልትሞቺ ነው። እንዲህ ያለ ጭንቅ ለጠላቴም አልመኝ።

ይሄኔ ሸኽ አሕመድኑር እያለከለኩ ደረሱ። የእትዬ ሱሀይላ ባል፣ የምታውቂያቸው ሸኽ። ስሮጥ አይተውኝ ተከትለውኝ ነው። ነርሷ ወደሳቸው ዞራ «የልጅቱ አባት ማነው?» አለች።

«እኔ ነኝ» አሉ። ዓይናቸውን እንኳ አላሹም።

«ስምዎ?»

«አሕመድኑር።»

ኸይርነሽ አሕመድኑር ተብለሽ ተጻፍሽ፣ መርፌሽን ተወጋሽ፣ ትንፋሽሽ ተመለሰ። እኔ ጥግ ላይ ጎረቤት ሆኜ ቆሜ ነበር። ስንመለስ እኔ አንቺን አቅፌ፣ ሸኹ ጃንጥላቸውን ከኛ በላይ ይዘው፣ እሳቸው ራሳቸው በዝናብ እየተደበደቡ ነበር የምንሄደው። ምን ብዬ እንደማመሰግናቸው ጠፋኝ። «ሸኽ፣ የስምዎን ውለታ በምን እመልሰዋለሁ?» አልኋቸው።

«ተው እንጂ ሞላ» አሉኝ፣ «ስሜ እንደሆን ለልጅ ብሰጠው አያልቅብኝ። ይልቅ እግርህን አንሣ፣ ልጄ በረዳት።»

ጥርስሽ ሲወልቅ እትዬ ሱሀይላ መለሱልን። «ግማሿን ብቻ ነው የምመልሰው» ብለው ተከራከሩ እንጂ መለሱልን። ያን ጊዜ ነው ኸይርነሽ ሞላ የሆንሽ። ትምህርት ቤት ላስመዘግብሽ ስወስድሽ ሸኽ አብረውኝ ሄዱ። መምህሩ «ሄርነሽ» ብሎ ጻፈው። «አይደለም፣ ከጉሮሮ ነው የሚወጣ፣ በኸ ጻፈው» አሉት ሸኽ። መምህሩ እንዲህ ያለ ፊደል በስም መጀመሪያ አይቼ አላውቅም አለ። ሸኽ «ኸ! ኸ!» እያሉ ሲያሳዩት፣ እሱም ሲሞክር፣ ሊመዘገብ የተሰለፈው ልጅ ሁሉ ኸ ኸ እያለ ትምህርት ቤቱ በሳል የታመመ መሰለ። እኔ ቀለል ባለው ብስማማ ይቀልልኝ ነበር። ግን ስሙ የኔ አይደለም፣ የሰጡሽ ሰዎች እንደጠሩሽ መጻፍ አለበት። እና ያን ቆንስላ ያለውን ሰውዬ በኸ ጻፍ በዪው። ካቃተው ዳገት የወጣ ሰው እንደሚተነፍስ ይተንፍስ።

ሸኽ አንቺ ስምንተኛ ክፍል ሳለሽ ማረፋቸውን ታውቂያለሽ። ቀብራቸው ላይ ስታለቅሺ እንግዳው ሁሉ ልጃቸው ናት ያለው ለዚህ ነው።

አሁን የኛን የሰሞኑን ልንገርሽ። ያንቺ ስልክ ከተዘጋ በኋላ እኔ ለእናትሽ ምንም አልነገርኋትም። ትደነግጣለች ብዬ ነው። እሷም ምንም አላለችኝም። ሳምንት ሙሉ ስለ ባቄላ አወራን። አንድ ቀን ከሱቅ ስመለስ የገንፎ እህል አስፈጭታ አገኘኋት፣ ጎን ላይ ደግሞ ለጋ ቅቤ አስቀምጣለች። ማን ወልዶ ነው ብዬ አሰብሁ፣ በሰፈሩ የወለደ የለም።

«ለማን ነው?» አልኋት።

«ለእንግዳ።»

«የትኛዋ እንግዳ?»

«አንተ የምታውቃት» አለችኝና ወደ ግድግዳው ዞረች።

«ሰምተሻል እንዴ?»

«ድምፁ ተከፍቶ አልነበር? እኔ ደንቆሮ ነኝ?»

ሁለታችንም ከጓዳው ደጃፍ ቁጭ ብለን አለቀስን፣ ከዚያ ሳቅን። ለእትዬ ሱሀይላ ልንነግራቸው ተያይዘን ሄድን። ገና ሳንቀመጥ «ሴት ናት አላላችሁኝም? አይዞሽ ስትላት ሰምቻለሁ» አሉን። ለካ ያን ቀን እዚያው ማዕዘኑ ላይ ተቀምጠው ነበር! ዓይናቸው ደክሟል፣ ጆሯቸው ግን ደሴ የተነገረውን ይሰማል። እጃቸውን ዘርግተው ረጅም ዱዓ አደረጉልሽ። ሲጨርሱ «ሞላ፣ አጥሩ እኮ ቆርቆሮ ሆኗል። በየት ልናስገባት ነው?» አሉኝ።

«እትዬ፣ ልጅቱ ደህና ናት፣ በአጥር ምን አሾለካት?» ብላቸው ተቆጡኝ።

«አንተ አሁንም ያው ሞኝ ነህ። ሰው የማን ናት ብሎ ልጄን ኸይርነሽን ይጠይቃታል? እኔን ነው የሚጠይቅ! የኔ ናት ካልሁ በዚህ አገር ማን አፉን ይከፍታል?»

እውነታቸውን ነው፣ ማን ይከፍታል? ቆርቆሮ መቁረጫ ተውሼ ቆረጥሁት። ጨርቅ እንጂ ቆርቆሮ ቆርጬ ስለማላውቅ ተንጋዷል። እናትሽ «ሌባ ልታስገባብኝ ነው!» አለች፤ እስካሁን የገባው የእትዬ ሱሀይላ ዶሮ ብቻ ነው፣ ገብቶም የተሰጣውን ብቅል በላ። ጠርዙ ልጅቱን እንዳይቆርጣት ዙሪያውን በጨርቅ ሸፍኜ ሰፍቼዋለሁ።

ሰው ያወራል፣ ላንቺ አልዋሽም። አንድ ገበያ ያወራል፣ ሁለት ገበያ ያወራል፣ ከዚያ የሌላ ሰው ነገር ይመጣና ያንቺን ይተዉታል። ሱቄ መጥቶ የሚጠይቀኝ ካለ ደግሞ መርፌ በእጄ ነው። ቄሳችንንም ጠይቄያቸዋለሁ፣ ክርስትናዋ ቢዘገይም ይነሣል፣ ብቻ ትምጣ ነው ያሉኝ። እትዬ ሱሀይላ አሁንም ከቅጥሩ ውጭ ቆመው መጮሃቸው አይቀርም።

የልጅቱን አባት አልጠይቅሽም። ወደሽው ከሆነ አልጠይቅሽም፣ ሳትወጂ በግድ ሆኖብሽም ከሆነ እግዚአብሔር ያየዋል፣ አሁንም አልጠይቅሽም። መናገር ካሰኘሽ እናትሽ አለች። ካላሰኘሽ ከአንቺው ጋር ይቅር። እኔ አላፈርሁብሽም ኸይርነሽ። ይህችን መስመር ደግመሽ አንብቢያት። አንድ ቀንም አላፈርሁብሽም፣ እወድሻለሁ፣ ናፍቀሽኛል፣ ማታ ማታ በሩን የምዘጋው አንቺ ውጭ የቀረሽ እየመሰለኝ ነው።

አሚራን ስላንቺ ምንም አልጠየቅኋትም፣ እሷም ምንም አልነገረችኝም። እንዲያው በወሬ መሀል ግን እዚያ ለሚወለዱ ልጆች የመመለሻ ወረቀት ሲወጣ የልጁን ስም ቀጥሎ የአባቱን ስም እንደሚጠይቁ፣ ስንቷ እናት እዚያ ጥያቄ ላይ ስትደርስ እያለቀሰች ተመልሳ እንደምትወጣ አጫወተችኝ። አጫውታኝ መሬት መሬት አየች። ያን ቀን ቆንስላ ለምን እንደሄድሽና ለምን ባዶ እጅሽን እንደተመለስሽ ያኔ ገባኝ።

አሁን ተመልሰሽ ሂጂ። ስሟን አንቺ አውጪላት፣ ደስ ያለሽን፣ ከፈለግሽ የዛሬ ልጆችን ስም አውጪላት፣ አልቆጣም። የአባቷን ስም ግን ለኔ ተዪልኝ። አባቷ ማነው ሲሉሽ ዓይንሽን ሳታሺ ሞላ ነው በያቸው። ሞላ ብለው ይጻፉ። በወረቀቱ እህትሽ ትሆናለች፣ ይሁን፤ እናቷ ማን እንደሆነች ሲርባት እሷው ታውቃለች። ያኔ ጤና ጣቢያ «የኔ ናት» ማለት አቅቶኝ ሌላ ሰው አለልኝ። አሁን አፌ ይችላል። የኔ ናት።

በአሚራ እጅ በሶና ሽሮ፣ ትንሽ በርበሬም ልከናል። ከሥር በፌስታል የተጠቀለለች ጨርቅ አለች፣ እኔ ነኝ የሰፋኋት። ልኳን ስለማላውቅ በግምት ነው፣ ጫፏን ሰፋ አድርጌ አጥፌዋለሁ፣ ስታድግ ይፈታል። አዝራር አላደረግሁባትም፣ ልጅ ይውጣል።

እዚያ ስትወልጂ ማንም ያላለሽ አንድ ነገር ቀርቷል። እናትሽ ከጎኔ ቆማ «ጻፍላት፣ ጻፍላት» እያለች ትከሻዬን ትነቀንቀኛለች፣ እትዬ ሱሀይላም በአዲሱ ቀዳዳ አንገታቸውን አስገብተው «እኔንም ጨምር» እያሉ ነው። ዘግይቶም ቢሆን ከሦስታችንም፣ ዓለሜ፣ እንኳን ማርያም ማረችሽ። ልጅሽን ያሳድግልሽ። መንገዱን ይክፈትልሽ፣ ያለውም ኸይር ይሁንልሽ።

አባትሽ፣ የልጅሽም አባት
ሞላ ቸኮል